ኖራ የተቀባው ግድግዳ

ማክሰኞ፣ ጁን 4

ዛሬም ድንች ሲላጥ ቀረጽኩ። አሮጊቷ ኤርሲሊያ ኩሽናዋ ውስጥ ትልጣለች፣ ካሜራው ቆሞ ያያል፣ እኔም ቆሜ አያለሁ። ንግግር የለም፣ ሙዚቃ የለም፣ ቆርጦ መቀጠል የለም። ሃያሲዎቹ "ትዕግሥት" ይሉታል። እናቴ ሥራ ፈትነት ትለዋለች።

ከጀርባዋ ያ ግድግዳ... ልስኑ የረገፈ፣ እርጥበት የበላው። የጣሊያኗን ሞሊዘ ገጠር ሙሉ ዞሬ እንዲህ ያለ አላገኘሁም። ፊልሜ በሙሉ የቆመው እሱ ላይ ነው። እውነቱን ለመናገር ከኤርሲሊያ ይልቅ እሱን ሳልወደው አልቀርም።

ቢላዋዋን አስቀመጠች። "ሳቬሪዮ፣ ባንተ ፊልም ውስጥ ሰው የማያወራው ጥርሱን አሞት ነው?"

ሌላ ድንች አቀበልኳት።

ሐሙስ፣ ጁን 6

የመጨረሻውን ትዕይንት ነገ እንቀርጻለን አልኳት። ጎረቤት አንድ ሳይቀር ሰማ። ቤቱን እንዳትነኩት ብዬ ለመንኩ። ሁሉም እሺ አሉ። አመንኳቸው... ሞኝ።

ዓርብ፣ ጁን 7

ግድግዳዬ የለም። ጎረቤቶቹ ኖራ ቀብተውታል።

በሩ አረንጓዴ ሆኗል። ወንበሮቹ የጎረቤት ናቸው። ኤርሲሊያ ለሠርጓ ጠልፋው ከሳጥን ወጥቶ የማያውቀው የጠረጴዛ ልብስ ተነጥፏል። እሷ ጸጉሯን ተሠርታ፣ የወርቅ ጉትቻዋን አድርጋ ተሰይማለች። ማወቅ ነበረብኝ። እናቴ እንኳ ቧንቧ ሠሪ ሲመጣ ቤት ትወለውላለች፤ ለካሜራማ!

ጮህኩ። እውነቱን ገደላችሁት ምናምን አልኩ። አስጨርሳኝ ተናገረች።

"ሚላኖ ያለው ልጄ፣ ቤቱ ሊወድቅብሽ ነው፣ ሸጠን መጦሪያ እናስገባሽ ይለኛል። ያንን ግድግዳ ካየ አለቀልኝ። ላንተ ፊልም ነው ልጄ። ለኔ ቤቴ ነው።"

አፈርኩ። ካሜራውን ከፈትኩ። እሷም አፏን ከፈተች... ባሏ እየዘፈነ ልስን እንደመረገ፣ ያው የሚላኖው ልጇ ቱሊዮ ያንን ግድግዳ ተደግፎ መራመድ እንደለመደ። ማን ያስቁማት?

ሰኞ፣ ጁላይ 15

ፊልሙን ቆረጥኩ። እኔ! የረገፈው ግድግዳ ወጣ፣ ድንቹም ወጣ። የቀረው ነጭ ግድግዳና የማይዘጋ አፍ ነው። የላክሁለት የፊልም ፌስቲቫል "የቀድሞው ድፍረት የለውም" ብሎ መለሰልኝ። ከዚህ የበለጠ ምን ልድፈር? ተናድጃለሁ።

ቅዳሜ፣ ኦገስት 17

የመንደሩ አደባባይ ላይ አንሶላ ወጥረን ፊልሙን አሳየን። ቱሊዮም መጣ። ፊልሙ የመራመዱ ወሬ ላይ ሲደርስ አንገቱን ደፋ።

ሲያልቅ አብረን ወደ ቤቷ ሄድን። ግድግዳውን በመዳፉ ዳበሰው። እርጥበቱ ከኖራው ሥር እንደገና ብቅ ብሏል። አየው። እሷም ማየቱን አየች። አሁን መጦሪያውን ሊያነሳ ነው አልኩ በልቤ።

"ብርዱ ሳይገባ ልስን ሠሪ ይዤ እመጣለሁ፣ እማዬ።"

ይኸው ነው ያለው። እሷ ጉትቻዋን አውልቃ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችና ወደኔ ዞረች።

"ፊልሙ ጥሩ ነው፤ ብቻ ረዘመ።"

ነገ ትንሽ አሳጥረዋለሁ።