አባባ ያሰረዘው ስም

የካቲት 17፣ ማክሰኞ

ለምወድህ ታላቅ ወንድሜ፣

እንደምን ሰነበትክ? ጤናህስ? የጋራዡ ሥራ አልከበደህም? እኛ ደህና ነን። እማዬን ጉልበቷን ያማታል፤ እሱንም ሥራ ሲበዛባት ትረሳዋለች።

እንዴት ብዬ እንደምነግርህ አላውቅም እንጂ፣ እኔ ሰሞኑን ደስ ብሎኛል። መሬታችን ሊወሰድ ነው፤ ሰፈሩ ሁሉ አዝኗል፤ እኔ ግን ደስ ብሎኛል። ለማንም ስላልተናገርኩት ላንተ ልጻፈው።

መንግሥት ቀድሞ ለገበሬው ያከፋፈለውን የወንዝ ዳር መሬት መጋዘን ሊሠራበት መልሶ እየወሰደው ነው። ለሰብሉና ለዛፉ ካሳ ይከፈላል፤ ለመሬቱ ደግሞ ምትክ ይሰጣል። ምትኩ የሚለካው በቤተሰቡ ቁጥር ነው። እኛ ሦስት ተብለን ተጻፍን። "ድርሻዬን ለይተህ ስጠኝ" ብለህ ከአባባ ጋር ተጣልተህ የሄድክ ሳምንት፣ አባባ ጽሕፈት ቤት ሄዶ ስምህን አሰርዞታል። ወንድ ልጅ የለኝም ብሎ ፈርሟል። ይህን እስከ ዛሬ ደብቄህ ነበር።

ያው አባባ ባለፈው ሳምንት እኔን አስከትሎ የካሳ ኮሚቴው ፊት ቆመና፣ "አራት ነን" አለ።

ሰብሳቢው መዝገቡን ገልጦ፣ "አባት፣ ወንድ ልጅ የለኝም ብለው የፈረሙት እርስዎ አይደሉም እንዴ?" ሲለው፣ አባባ "ተናድጄ ነበር፤ ሰው ተናዶ የተናገረው ይጻፋል?" አለ። ሰብሳቢው፣ "ይጻፋል፤ ማኅተምም ይመታበታል" አለው። ከኋላ ወረፋ የሚጠብቀው ጎረቤታችን ደግሞ፣ "ካሳ ሲመጣ እኮ ልጅ ይበዛል!" ብሎ ክፍሉን በሳቅ ሞላው። እኔ መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ። አባባ ግን አልተቆጣም። ዞር ብሎ፣ "የእኔስ አልበዛም፤ ጎድሎብኝ ነው" አለው። ሳቁ ቀጥ አለ።

ሰብሳቢውም እንደ መምከር ብሎ፣ "ክርክር ካነሱ የተመደበላችሁ ለም መሬት ለተረኛ ያልፋል። ለእናንተ የሚደርሳችሁ ከላይ ያለው ድንጋያማው ነው፤ የልጁ ድርሻ ቢጨመርበትም ድንጋይ ያው ድንጋይ ነው። ቢተዉት ይሻልዎታል" አለው። አባባ ለማሰብ እንኳ ጊዜ አልወሰደም። "ይሁን፤ ልጄ ይጻፍ" አለ።

ቤት ስንገባ እማዬ ጮኸችበት። ሰው ለም መሬት ትቶ ለድንጋይ ይከራከራል ወይ፣ ምን ነካህ አለችው። እሱ ጫማውን እያወለቀ፣ "ድንጋይ እኮ ሁለት ሆነው ሲለቅሙት ያልቃል" አላት። እማዬ ከዚያ ወዲህ ጉልበቴን ብላ አታውቅም።

ሰው "ስስታም ነው" ይለዋል። ይበል። እሁድ ዕለት ያንተን አልጋ ከዕቃ ቤት አውጥቶ የተሰበረ እግሩን ሲጠግን ዋለ። ምን ሊያደርግልህ ነው ብላ እማዬ ብትጠይቀው፣ "ልሸጠው ነው" አላት። እኔ ግን የሚሸጥ አልጋ ላይ ፍራሽ ሲነጠፍ አይቼ አላውቅም።

"ና በይው" አላለኝም። እኔም አልልህም። ብቻ አዲሱን መሬት ማጽዳት የሚጀመረው ዝናቡ ሳይገባ ነው ብሏል፤ ይህን ሲል ደግሞ ወደምጽፍልህ ወረቀት እያየ ነበር።

ጉዳዩ ግን ገና አላለቀም። ሰብሳቢው፣ የአባትየው ቃል በገዛ ፊርማው ፈርሷል፣ ሚስትም ከባሏ ቃል አትወጣም፣ ስለዚህ ልጅቷ ነገ ቀርባ ትመስክር ብሏል። እኔ! መምህራችን ስም ሲጠራ "አቤት" ስል ስለማይሰማ ስንት ጊዜ ቀሪ ተብዬ የተጻፍኩትን ታውቃለህ። ነገ ድምፄ ከጠፋ ለሙ መሬትም ያመልጠናል፣ አንተም እንደተሰረዝክ ትቀራለህ። ቢሆንም ደስታዬ ከፍርሃቴ ይበልጣል።

ፈጣሪ ከክፉ ሁሉ ይሰውርህ። እጅህ የነካው ይባረክ። ለዓይነ ሥጋ ያብቃን።

ነገ ጠዋት አባባን ቀድሜ እገባለሁ። እስኪጠይቁኝ አልጠብቅም፤ ወንድም አለኝ ብዬ ስምህን ከነአባትህ፣ ከነአያትህ ጮክ ብዬ እጠራዋለሁ።

ታናሽ እህትህ