ጋኖቹ የገቡበት ዳስ

እንጅባራ፣ ጥር 2007 ዓ.ም.

ውድ እትዬ ስሜነሽ፣

ነገራችን የተበላሸው «ለእናትሽም አስቤላታለሁ» ያሉኝ ጊዜ ነው። ለዳሱ የተቆረጠው ቀርቀሃ ግቢዎ ውስጥ ተከምሯል፤ እርስዎ ደግሞ የራስዎን የሠርግ ካባ ትከሻዬ ላይ ጥለው ርዝመቱን ያያሉ። በከንፈርዎ የያዙትን መርፌ አወጡና «ጠበል ትሂድ። ወገቧን ያማታል አላልሽኝም? ስንቁም መኪናውም በእኔ ነው» አሉኝ። ደስ አለኝ። «ሠርጉ ሲያልፍ ነው?» ብዬ ጠየቅሁ።

«የለም ልጄ፣ በሠርጉ ሰሞን ነው እንጂ።»

ካባው የከበደኝ ያን ጊዜ ነው።

ይህን የምጽፈው ለእርስዎ እንጂ ለልጅዎ ለነጋ አይደለም። እጮኛዬን መተው እንዳሰብኩት አልከበደኝም። የከበደኝ እርስዎን መተው ነው።

ታይፎይድ የጣለኝ ጊዜ ከተከራየሁባት ክፍል አንስተው ቤትዎ አስተኙኝ፤ አጥሚት በማንኪያ አጠጡኝ። ከማስተምርበት ትምህርት ቤት ድረስ ሄደው ለርዕሰ መምህሩ «ልጄ ታማለች» አሉት። ሽማግሌ ልካችሁ ጥሊሊ እናቴ ደጅ በቆማችሁ ጊዜ፣ አቅሟን አይተው «የሙሽሪትም የሙሽራውም ድግስ በእኔ ቤት ነው» ብለው ከጭንቀቷ ገላገሏት። አባት የለኝምና ባለቤትዎ ጋሼ ውብአየሁ «አባትሽ እኔ ነኝ» አሉኝ። ዘመድ ሆነን እንዳንገኝ ሰባት ቤት ሲቆጠር፣ ቆጠራው ከእናቴ ወገን ሲደርስ ጋሼ እጃቸውን አነሡና «ይህን እኔ አውቀዋለሁ፤ እለፉት» አሉ። ሽማግሌዎቹም አለፉት። ክብር መስሎኝ ነበር።

እናቴ ሸክላ ሠሪ ናት። እናቷም፣ አያቷም እንዲሁ። በአገራችን ሸክላ ሠሪ ምን እንደሚባል ሁለታችንም እናውቃለን። እርስዎ ቃሉን አንድም ቀን ከአፍዎ አውጥተውት አያውቁም፤ እኔ ልጻፈው፤ ቡዳ።

«እናቴ ምን አደረገች?» አልኩዎ፣ ካባው ትከሻዬ ላይ እንዳለ።

«እሷማ ምን ታደርጋለች! ክፉው ሰው ነው እንጂ። በድግሱ መሀል አንዱን ሆዱን ቢቆርጠው፣ አንድ ሕፃን ቢያስመልሰው፣ በማን የሚያላክኩ ይመስልሻል? ለእሷው ብዬ ነው። አንቺ ተምረሻል፤ ይገባሻል።»

«የት ሄደች ብለው ሲጠይቁስ?»

«ታማ ጠበል ገባች እላለኋ። ውሸት አይደለም፤ ጠበል ነው ያለችው።»

ይህን ሲሉ ጉንጬን ዳሰስ አደረጉኝ። እውነት አሳዝኜዎት ነበር።

ለነጋ ደወልኩለት። «ወርቄ፣ አንድ ሳምንት እኮ ነው» አለኝ። «እማዬ ለእናንተ ያላደረገችው ምን አለ?»

«ጠበሉ እናቴን ከምኗ ነው የሚያድናት?» አልኩት።

«ይህን ከእማዬ ጋር ተነጋገሩ» አለኝና ስልኩን ዘጋው።

በማግስቱ በሚኒባስ ጥሊሊ ወረድኩ። እናቴ ልብሷን በነጠላ ቋጥራ፣ የጠበል ጀሪካኗን አጥባ አገኘኋት። ለካስ ለእኔ ከመንገርዎ በፊት ለእሷ ነግረዋት ኖሯል።

«እትዬ ስሜነሽ ራሳቸው መጥተው» አለችኝ ፊቷ በርቶ፤ «እዚህ መደብ ላይ ቁጭ ብለው በአገውኛ ሲያጫውቱኝ ዋሉ። ከቤቴ ውኃ ጠጡ እኮ! በእኔው ዋንጫ።»

ውኃ መጠጣትዎን የነገረችኝ መሬት እንደተሰጣት ሰው ነው። «ለምን እንደምትሄጂ ገብቶሻል?» አልኳት።

«አንቺ ግቢ እንጂ እኔ የትም ብሆን ምን ቸገረኝ? ገበያ ላይ ሰው ገንዘቡን እጄ ላይ አያኖርልኝም፤ መሬት ጥሎልኝ ነው የሚሄደው። ይህን የለመድኩ ሴት ጠበል መሄድ ያቅተኛል?» ብላ ሳቀች።

ብታለቅስ ምናልባት ላግባባት እሞክር ነበር። ሳቋ ነው ነገሩን የቆረጠልኝ።

ከጓሮ ቤት ስገባ ጋኖቹ የነበሩበት ቦታ ባዶ ነው። መስከረም ከጠባ ጀምሮ፣ በዚያ በሚያማት ወገብ አፈር እየረገጠች፣ ለሠርጌ ያበጀቻቸው ጋኖች ነበሩ። «ባዶ እጄን ልጄን አልድርም» ብላ። እርስዎ በጋሪ አስጭነው ሲያስወስዷቸው «እጇ ይባረክ» ብለዋል። አሁን ጠላው ተጠምቆባቸው ጓዳዎ ቆመዋል። ጋኖቿ ዳስ ይገባሉ፤ እሷ አትገባም። ከእጇ ሥራ ይጠጣል፤ ከእሷ ጋር ግን አይጠጣም።

የተማርኩት ከዚያ ጭቃ ነው፣ እትዬ ስሜነሽ። ደብተሬም፣ የኮሌጅ ስንቄም፣ እርስዎ «ይገባሻል» ያሉት አእምሮዬም ከዚያ ነው የወጣ። ስለዚህ ገባኝ።

ያን ዕለት ይዤው የወጣሁትን ካባዎን አጥፌ ከዚህ ደብዳቤ ጋር ልኬያለሁ፤ ጫፉን የያዙበት መርፌ እንደተሰካበት ነው፣ ሲያወጡት እንዳይወጋዎት። የነጋ ቀለበት በካባው ኪስ ውስጥ አለ። ጋኖቹን አልጠይቅም። ጠላው ከሚበላሽ ጎረቤት ይጥሩና ጠጡት፤ ማን እንዳበጃቸውም ይንገሯቸው። ከዚያ ሆዱን የሚቆርጠው ሰው ከተገኘ ይጻፉልኝ።

እናቴ ተቆጥታኛለች። እሷ ዘንድ የቆየሁባቸውን ሁለት ቀናት አላናገረችኝም። ጀሪካኑን ግን ከደጅ አንስታ ወደ ውስጥ አስገብታዋለች።

ክፉ ሰው ቢሆኑ ኖሮ ይህን ሁሉ አልጽፍም ነበር፤ ጥዬ እሄድ ነበር። ደግ ነዎት። ያጠጡኝን አጥሚት እስክሞት አልረሳውም። ነገር ግን እኔን አስገብቶ እናቴን የሚሸሽግ ደግነት ከእንግዲህ ከማንም አልቀበልም፤ ከእርስዎም ቢሆን። ሰባት ቤት ሲቆጠር እሷ ዘንድ ሲደርስ «እለፉት» የሚባልበት ቤት፣ ዳሱ ቢያምርም አልገባም።

ወርቅአየሁ፣
የጥሊሊዋ ሸክላ ሠሪ የውዴ ልጅ