ለኒዞራ የመጣው ታሙል

ለምወድሽ፣ ሁሌም ለምሳሳልሽ ለታናሽ እህቴ ለሮዶይ፤

እንደምን ከርመሻል እህት ዓለም? ጤናሽ እንዴት ነው? ዝናብ በመጣ ቁጥር የሚነሳብሽ የጉልበት ቁርጥማት ተወሽ ወይስ ሙምባይ ድረስ ተከትሎሽ መጣ? ባልሽ ቢፑልስ? ሥራው ጠና ወይስ ቀለል አለለት? ጂንቲ በላክሽልኝ ፎቶ ላይ ቁርጥ አንቺን መስላለች፤ ትንሹ ደግሞ ጥርስ አወጣ ወይስ ገና ድዱን እያሳየ ነው የሚስቀው? እኔ ከናፍቆትሽ በቀር ደህና ነኝ፤ ፈጣሪ ይመስገን። ቤቱም ደህና ነው። ላሟ ወልዳለች፣ ወንዙም ዘንድሮ ራርቶልን እስከ አጥሩ አልደረሰም።

ለምን በስልክ አልነገርሽኝም ብለሽ እንዳትቀየሚኝ። ስልኩ የሚሰማው ከጓሮ የታሙል ዛፎቹ ሥር ቆሜ ስጮህ ብቻ ነው። እዚያ ቆሜ የጋሽሽን የሃላዳርን ነገር ባነሳ ደግሞ እሱ ከኋላዬ መጥቶ «እንደዚያ አላልኩም፣ አስተካክለሽ ንገሪያት» እያለ ያቋርጠኛል። ስለዚህ እሱ ዓሣ ሊያጠምድ በወጣበት ቁጭ ብዬ ልጻፍልሽ ብያለሁ።

ነገሩ የተነሳው ብርዱ በበረታበት በማግ ወር ነው። ጋሽሽ ገበያ ወርዶ ሳለ ሞሂካንታ አገኘው። ሞሂካንታ መቼም አይጠፋሽም፤ ከወንዙ ማዶ የሚኖረው፣ ከጋሽሽ ጋር አብሮ የተማረው፣ ሲስቅ ትከሻው የሚንቀጠቀጠው ሰውዬ። «ቤት ሳትገባማ አትሄድም» ብሎ ይዞት ሄደ። አበሉት፣ ሻይ አጠጡት። ከዚያ ሞሂካንታ ባለ እግሩን የነሐስ ሳህን አምጥቶ ፊቱ አስቀመጠ። ላዩ ላይ አዲስ ጋሞሳ ተነጥፎ፣ በጨርቁ ላይ ያልተከተፈ ጥንድ የታሙል ፍሬና ከእሱ ጋር የሚታኘክ፣ እጀታው ያልተቆረጠ ጥንድ የፓን ቅጠል ነበር። ለእንግዳ ማኘኪያ ቢሆን ኖሮ ተከትፎ፣ ኖራ ተቀብቶ ይመጣ ነበር። ሙሉው ሲቀርብ ምን ማለት እንደሆነ ጋሽሽ ገብቶታል። ሞሂካንታም «ለልጄ ለዲጋንታ ልጅህን ኒዞራን ስጠን» አለው። የእኔ ባል ደግሞ ሰው እንዳይከፋው ብሎ የገዛ ሸሚዙን አውልቆ የሚሰጥ ሰው ነው። ሳህኑን በሁለት እጁ ተቀብሎ፣ ግንባሩን አስነክቶ፣ ታሙሉን አስከትፎ በላላቸው።

ወደ ቤት ሲመጣ ከንፈሩ ከታሙሉ የተነሳ ቀይ፣ አንገቱ የተሰበረ። ኒዞራ ከምታስተምርበት ትምህርት ቤት ተመልሳ፣ የሕፃናቱን ጫጫታ እያወራችልኝ የዓሣውን ወጥ ታወጣ ነበር። እሱ ሩዙን በጣቱ እያገላበጠ ቆየና «የኒዞራን ነገር ጨርሼ መጣሁ» አለ። «ምኗን?» አልኩት። «ታሙል ተቀበልኩ» አለ። ልጅቷ ጭልፋውን ድስቱ ውስጥ ትታ ወጣች።

«ማንን ጠይቀህ ነው?» አልኩት። «ልጁ ምን ይወጣለታል? አይጠጣ፣ አይጣላ፣ ሥራውን አክባሪ!» «ስለ ልጁ አልጠየቅኩህም፤ ማንን አማከርክ ነው ያልኩት።» ይኼን ጊዜ ሳቅ ብሎ ምን ቢለኝ ጥሩ ነው? «እኔና አንቺን ማን ጠይቆን ነው የተጋባነው? ይኸው ምን ሆንን?»

እህቴ፣ ይቺ ንግግር ልቤን ወጋችው። የእኔ ታሙል የተበላበትን ቀን ታስታውሺው ይሆን? እኔ ሸማ እየሸመንኩ ነበር። አንቺ በአፍሽ ሙሉ ጣፋጭ ኮኮናት ጎርሰሽ እየሮጥሽ መጣሽና «እትዬ፣ እትዬ፣ ያንቺን ታሙል አባባ በላው!» አልሽኝ። ማን እንደሆነ እንኳ አላወቅሽም። እኔም ማን ነው ብዬ የምጠይቀው ሰው አልነበረኝም። ዕድሌ ሆኖ ደግ ሰው ገጠመኝ፤ ይኼን ዛሬም አልክድም። ግን ያን ቀን የመጣው ሃላዳር ሳይሆን ሚስቱን የሚደበድብ ሰው ቢሆንስ? አባባ ያንኑ ታሙል በዚያው ፈገግታ ይበላው ነበር። ደህና ሆኖ ስላለቀ ብቻ ደግ ተደርጓል ማለት ነው እንዴ?

በማግስቱ ኒዞራን ለብቻዋ ይዤ «ዲጋንታን ትጠዪዋለሽ ወይ?» አልኳት። «አልጠላውም እማዬ፣ አላውቀውም እንጂ። ግን ለላማችን ኮርማ ስንመርጥ እንኳ አባዬ ‹ኒዞራ፣ የቱ ይሻላል?› ብሎ ጠይቆኛል» አለችኝ። አለቀሰች ብልሽ ይቀለኝ ነበር። አላለቀሰችም፤ ፀጉሯን ጠቅልላ አስራ ወደ ሥራዋ ሄደች።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ለጋሽሽ ታሙል መክተፍ አቆምኩ። ጥርሱ እንዳለቀ ታውቂያለሽ፤ እኔ እንደ ወረቀት አሳስቼ ካልከተፍኩለት አንዱንም አይችለው። ጠዋት ሙሉውን ፍሬ ከነልጣጩ ሳህን ላይ አድርጌ አቀርብለታለሁ፣ እሱም ያየኛል፣ እኔም አየዋለሁ። ከቤት ጀርባ ሄዶ በድንጋይ ሲቀጠቅጥ ጣቱን መታና «ወይኔ!» ሲል ሰማሁት። እኔ ግን አልወጣሁም። «መልስላቸው» አልኩት። «የተበላ ታሙል ይመለሳል እንዴ? ፊቴን የት አድርጌው ነው ከሰው የምቆመው?» አለኝ። «እንግዲያው እኔና አንተ ቅጠል እንቅደድ።»

መጀመሪያ ሳቀ። እንደማልስቅ ሲያይ ሳቁን አቆመ። ዛሬ የሚፋታ ሰው ፍርድ ቤት ነው የሚሄደው፤ በእኛ መንደር ግን ባልና ሚስት አንዱን የፓን ቅጠል ከሁለት ይዘው ከቀደዱት ነገሩ ማለቁን ማንም ያውቀዋል። ሽማግሌውን ቦጋይን አስጠራኋቸው። ጎረቤቱም ሳይጠራ ግቢውን ሞላው። ቅጠሉን እኔው ራሴ ከሐረጉ ቆርጬ አመጣሁ። ቦጋይ መነጽራቸውን ግንባራቸው ላይ ሰቅለው «ላባንያ፣ በዚህ ዕድሜ?» አሉኝ። «ዕድሜዬን ለመስማት አልጠራሁዎትም አባቴ» አልኳቸው። ሴቶቹ ሻሻቸውን አፋቸው ላይ አድርገው ሳቁ። ቦጋይ ግን አልሳቁም። «እንግዲህ ያዙ። ተቀዶ ካለቀ በኋላ ማንኛችሁም ደጄን እንዳትረግጡ» አሉ።

እኔ በጫፉ፣ እሱ በእጀታው በኩል ያዝን። እውነቱን ልንገርሽ እህቴ፣ አፌ ደፋር ነበር እንጂ በልቤ፣ ሰው ፊት አዋረደችኝ ብሎ ቢስበውስ እያልኩ ነበር። ኖራ የበላው አውራ ጣቱ ቅጠሉ ላይ ነው። ቀና ብሎ አየኝና «ላባንያ» አለኝ። አንቺ ታውቂያለሽ፣ ከተጋባን ጀምሮ «የኒዞራ እናት» እንጂ ስሜን ጠርቶ አያውቅም። «ላባንያ፣ ምን ላድርግ? ንገሪኝና ላድርገው» አለና ቅጠሉን ለቀቀው። ሙሉው ቅጠል እኔ እጅ ቀረ። «ሞሂካንታ ቤት እንሂድ። ብቻህን አልሰድህም፣ አብሬህ እንበረከካለሁ» አልኩት።

የራሳችንን ባለ እግር ሳህን በአመድ ፈትጌ አዘጋጀሁ። ኒዞራ ማንም ሳይጠይቃት ለቢሁ በዓል የሸመነችውን ጋሞሳ አምጥታ ላዩ ላይ ዘረጋችልኝ። በጀልባ ተሻገርን። ሞሂካንታ የሠርጉን ቀን ልንቆርጥ የመጣን መስሎት እጁን ዘርግቶ ወጣ፤ ሚስቱም ምንጣፍ ልታነጥፍ ተሯሯጠች። እኛ ግን ሳህኑን ፊታችን አስቀምጠን ተንበረከክን። ያኔ የሞሂካንታ ፊት ተለወጠ። «ምንድን ነው ይኼ ሃላዳር? የበላኸውን ልትተፋው ነው?» አለ። ጋሽሽ አንገቱን ሳያቀና «በልጄ አፍ እኔ በላሁ። ጥፋቱ የእኔ ነው፤ ይቅር በለኝ» አለው። «ለዘመድ ሁሉ ተናግሬያለሁ እኮ! ነገ ሰው ሲጠይቀኝ ምን ልበል?» ብሎ ጀርባውን ሰጠን። ሚስቱ ጥግ ይዛ ማልቀስ ጀመረች።

ታሙሉን አንስተው ይቅርታችንን ካልተቀበሉን አንነሳም። እንደተንበረከክን ወለሉን እያየን ቆየን። እንዲህ ሆነን ሳለ ዲጋንታ ከማሳ መጣ፤ ጭቃው እግሩ ላይ እንዳለ በር ላይ ቆመ። «ምን ሆናችሁ ነው?» አለ። እኔው ነገርኩት። «ልጄ፣ ኒዞራን ሳንጠይቃት ነው ታሙላችሁን የተቀበልነው። ስለዚህ ይቅርታ ልንጠይቅ መጣን። አንተ አንዳች እንከን ኖሮብህ አይደለም።»

ወጥቶ እጁን ታጠበ። ተመልሶ ፊት ለፊታችን ቁጭ አለና ከሳህኑ ታሙሉን አንስቶ በገዛ እጁ ከተፈው። ቅጠሉን ኖራ ቀባ፣ ጠቀለለና አፉ ውስጥ ከተተው። «አባዬ፣ በላሁት» አለ፤ «እንግዲህ ያለቀ ነገር ነው። ተነሱ እማማ፣ ወለሉ ይበርዳል።» ክንዴን ይዞ አነሳኝ። ዓይኑ ውኃ ሞልቶ ነበር። እንዳየሁበት ሲያውቅ «ታሙሉ በረታብኝ» አለና ፊቱን በእጅጌው ጠረገ። በእርግጥ ክረምቱን ከመሬት ውስጥ ተቀብሮ የቆየ ታሙል ኃይለኛ ነው። ግን እኔ እናት ነኝ ሮዶይ፤ ታሙሉ አለመሆኑን አላጣሁትም። ልጁ ኒዞራን ከልቡ ይወዳት ኖሯል። ከዚያ በኋላ ሞሂካንታም አነሳ፣ ሚስቱም አነሳች። እየሳቀ አልነበረም፤ ቢሆንም እስከ ጀልባው ድረስ ሸኘን።

በጀልባው ላይ ጋሽሽ «ጥሩ ልጅ ነበር» አለ። «አሁንም ነው» አልኩት። ቤት እንደገባን አንድ ፍሬ አንስቼ አሳስቼ ከተፍኩለት። እንደ ሕፃን ነው ደስ ያለው።

ኒዞራ ደጅ ላይ ነው የጠበቀችን። «ተቀበሉ?» አለች። «ተቀበሉ።» «መጀመሪያ ያነሳው ማን ነው?» ዲጋንታ ነው አልኳት፤ የሆነውንም ሁሉ ነገርኳት። በማግስቱ ምሳ እየበላን ድንገት «ወለሉ ይበርዳል ነው ያለው?» አለችኝ። አዎ አልኳት። ሩዟን መብላቷን ቀጠለች።

ወራት አልፈው ቢሁ ገባ። የወንዙ ማዶ ጎረምሶች ከበሮ ይዘው በየቤቱ እየዞሩ ሲዘፍኑ እኛም ግቢ ገቡ። ዲጋንታ ከበሮውን አንገቱ ላይ አንጠልጥሎ ከኋላ ቆሟል። አቀርቅሮ እንጂ ቀና ብሎ አልመታም። ዘፈኑ ሲያልቅ የቤቱ አባወራ ታሙል ማቅረብ አለበት፤ ጋሽሽ ሳህኑን ይዞ ሲነሳ ኒዞራ «አባዬ፣ ዛሬ እኔ ልስጥ» ብላ ከእጁ ተቀበለችው። ወርዳ በጉልበቷ ተንበርክካ ሰጠቻቸው። አለቃቸው አንስቶ መረቃት። እሷ ግን ቶሎ አልተመለሰችም፤ ሳህኑ እስከ መጨረሻው ከበሮ መቺ ድረስ እስኪዞር ቆማ ጠበቀች።

ጋሽሽ በክርኑ ጎሸም አደረገኝ። «አየሽ? አየሽ አይደል? ምን ማለት ነው?» አለኝ። «ታሙል ነው የሰጠችው። ከዚያ ያለፈውን እሷን ጠይቃት» አልኩት።

እሱም ጠየቃት እህቴ! ጠዋት ሩዝ ስታበጥር አጠገቧ ሄዶ ቆመ። እኔ ከማድ ቤት ጆሮዬን ሰጥቻለሁ። ጉሮሮውን ሦስቴ አጸዳ። «ኒዞራ፣ ልጄ… አንድ ነገር ልጠይቅሽ ነበር። ያ ልጅ… ማለቴ፣ ምን ትያለሽ?» አላት። ሰፌዱ ቆመ። «እያሰብኩበት ነው አባዬ» አለችው። «እሺ፣ እሺ። አስቢበት። የሚያስቸኩልሽ የለም» አለና ወደ እኔ መጣ። በሩ ላይ ቆሞ በሹክሹክታ «እያሰበች ነው» አለኝ፤ «ሰማሽ? ጠየቅኳት፣ ለእኔው ነገረችኝ!»

በይ እንግዲህ ዓሣ አጥማጁ መምጫው ደርሷል። ቢፑልን በጣም አድርገሽ ሰላም በይልኝ፤ ራሱን ይጠብቅ። ጂንቲን ጉንጯን ሳሚልኝ፣ ትንሹንም እግሩን ሳሚልኝ። አብራችሁ ለምትኖረው ለቢፑል እናት እጅ ነስቻለሁ። ጋሽሽ «ለእኔም ጻፊላት፣ ክፉ ክፉውን ብቻ እንዳትነግሪያት» ብሎሻል። ኒዞራ ናፍቆቷ ብዙ ነው፤ ምን እያሰበች እንደሆነ አልጠየቅኳትም፣ አንቺም በስልክ እንዳትጠይቂያት።

ሁሌም የማትረሳሽ እህትሽ
ላባንያ

ሃልዲባሪ መንደር፣ አሳም
የቦሃግ ወር በገባ በአሥራ አንደኛው ቀን