ለጨዋታህ ስትል የተካኸው ፋይል

የአክስቴ ልጅ፣

ኮምፒውተሩን እንዳትነካው። ስመለስ እኔው አስተካክለዋለሁ።

ትናንት ለጨዋታህ ስትል በአሮጌ የተካኸው ፋይል ያንተ ብቻ አልነበረም። የክትባት መረጃውን ወደ ክሊኒኩ አዲስ ኮምፒውተር የማስገባበት ፕሮግራምም የሚሠራው በእርሱ ነው። «ሌሎች ፕሮግራሞች ይጠቀሙበታል፤ ይተካ?» ተብለህ ተጠይቀሃል። ማታ አረንጓዴውን የጥርስ ብሩሽ እንደጎረስክ «እሺ አልኩት፣ ምን አለበት!» ስትለኝ ልብ አላልኩህም።

ያለበትን ዛሬ ጠዋት አየሁት። ፕሮግራሙ አልቆመም፤ ስህተትም አላሳየም። በጸጥታ ቀንን ከወር እያቀያየረ የሕፃናቱን ቀጠሮ ሁሉ አዛብቶታል። ቢሰበር ይሻለኝ ነበር፤ እንዲህ ያለው ጨዋ መሳይ ውሸት ያቅለሸልሸኛል።

ነርሷ ስልኳን ዘግታለች። የተዛባውን ቀጠሮ አይታ ሕፃናቱን «ቀናችሁ አይደለም» ብላ ሳትመልስ ልደርስባት እየሮጥኩ ነው። ቀድማ ወደ ቤት ከደወለች፣ «በእናቶቹ እጅ ያለውን ካርድ ብቻ እይ» በላት። ይህችን እንኳ አትርሳ።

ባለፈው በእህትህ ፊት «ደንቆሮ» ያልኩህን አንሥቻለሁ። ደንቆሮ ጥያቄውን ማንበብ አይችልም። አንተ አንብበኸዋል።

አረንጓዴው ብሩሽ የእኔ ነበር።
ከእንግዲህ ያንተ ነው።