ስፒናውን ነቅዬ ሙስበሃ ያነሳሁባቸው ቀናት

ጀማሌ፣

ሰላምታውስ ቀላል ነበር፤ ከሰላምታው በኋላ ያለው ነው የከበደኝ። ከተለያየን አራተኛው ወር አልቆ ከዒዳዬ፣ ከሐዘን መቀመጫዬ፣ የቀረችኝ ይህች ሳምንት ብቻ ናት። እስከ ዛሬ ያልጻፍኩልህ ሐዘኑ እጄን ይዞት ነው ብል ያምርብኝ ነበር። ውሸት ነው። አፍሬ ነው።

ቤትህ አለ። የበረንዳው ጣራ ያው ያፈስሳል፤ ክረምት ሳይገባ አስጠግነዋለሁ እንዳልክ ቀረ። ባጃጅህን ወንድምህ ይነዳታል። ከመንደራ ቆጪ እስከ ቦሳ አዲስ ሲመላለስ በራችን ላይ ሲደርስ ክላክስ ያደርጋል፤ ሂባ አባቷ የመጣ እየመሰላት ብድግ ትልና መልሳ ትቀመጣለች። ልከለክለው አስቤ ነበር፣ ደግሞ እሱም ሆድ ይብሰዋል ብዬ ተውኩት። እናትህ ለቀብር ከአገራቸው ከየቡ በመጡበት እግራቸው እዚሁ ቀሩልን። ዒዳ ላይ ያለች ሴት ከግቢ አትወጣምና ገበያውም ወፍጮውም በእሳቸው ላይ ነው። በዚያ ጉልበታቸው! ያዘንኩት እኔ ብቻ የሆንኩ ይመስል እሳቸው ይሮጡልኛል፣ ልጃቸውን የቀበሩት እናት።

ጌምህም አለ። ከቲቪው ስር፣ እኔ ባለበስኩት ዳንቴል ተሸፍኖ። እንግዳ ሲመጣ የልጅቷ ነው እያልኩ ስሸፍነው ትስቅብኝ ነበር አይደል? ጺም ያበቀለ ባለትዳር፣ የልጅ አባት፣ በጌም ሲጮህ ጎረቤት ምን ይላል እያልኩ ስነጫነጭብህ፣ ጆይስቲኩን ፍራሹ ላይ ገልብጠህ አስቀምጠህ ፊትህን ወደ እኔ ታዞር ነበር። ጨዋታው እዚያው ቆሞ ይጠብቅሃል። አዛን ሲልም እንዲሁ። ኳሷ ጎሉ አፍ ላይ ብትሆን እንኳ አንዲት ነገር ጫን ታደርግና ትነሳለህ፤ ጓደኞችህ «አቦ ጀማል፣ ይቺን ብቻ!» እያሉ ሲንጫጩ አንተ ለሶላት ውዱእ ልታደርግ ወጥተሃል። ያችን ነገር ግን የትኛዋ እንደሆነች አይቼ አላውቅም። ላሳይሽ ስትለኝ፣ ሂድ ወዲያ፣ ለእኔ ብሎ ጌም፣ እልህ ነበር።

አንድ ጠዋት ሂባ ትምህርት ቤት፣ እናትህ ገበያ ነበሩ። አቧራ ልጠርግ ብዬ ዳንቴሉን ገለጥኩት። ስጠርገው በራ ብዬ ልጽፍልህ ነበር፤ ምን ዋጋ አለው፣ ራሴ ነኝ የከፈትኩት። ሲከፈት የሚያሰማው ድምፅ ናፍቆኝ ነው። አንተ ከሥራ ገብተህ፣ እግርህን ታጥበህ፣ እራት እስኪቀርብ ድረስ ቤቱ ውስጥ የሚሰማው ድምፅ እሱ ነበራ። ቡድንህ ብቅ አለ። መንደራ ቆጪ ብለህ ሰይመኸዋል። ተጫዋቾቹ በሙሉ የባጃጅ ተራው ልጆች ናቸው፤ ያ ቀጫጫው ጓደኛህ እንኳ አጥቂ ሆኖልሃል። በረኛውን ሳየው ግን ዐይኔን ማመን አቃተኝ። ትከሻው ይህን የሚያህል፣ ጺሙ የተንዠረገገ ሰውዬ፣ ጀርባው ላይ ሰሚራ ይላል!

ሳቅኩ ጀማል። ሆዴን ይዤ፣ እንባዬ እስኪወርድ ሳቅኩ። አንተ ከሄድክ ወዲህ ጥርሴ የታየው ያን ቀን ነው። ወዲያው ደግሞ ማን ሰማኝ ብዬ አፌን በሻርፔ ያዝኩ። ምን ዓይነት ሰው ነህ ግን፣ ስንት ጊዜ አብረን ተቀምጠን አንድ ቀን እንኳ አትነግረኝም?

በዚያው ለመድኩልህ። ሂባ ወደ ትምህርት ቤት፣ እናትህ ወደ ጉዳያቸው ከግቢው ሲወጡ እኔ ጆይስቲክ አነሳለሁ። መጫወቱንማ ተወው፤ ያ ሁሉ ጎል የገባብህ በእኔ እጅ ነው፣ ቡድንህን አዋርጄዋለሁ። ቢሆንም በረኛው ሲወድቅ ሲነሳ ማየቱን መተው አቃተኝ። ችግሩ ጨዋታውን ባለበት ማቆም አለማወቄ ነው። የግቢው በር ሲጥ ባለ ቁጥር ስፒናውን ከግድግዳው እመነጭቃለሁ። ቲቪው ድርግም። ዳንቴሉን አለብሳለሁ፣ ፍራሹ ላይ ቁጭ እላለሁ፣ ሙስበሃዬን አንስቼ ዶቃውን በጣቶቼ መቁጠር እጀምራለሁ። ጎረቤቶቻችን ዘሃራና ልብስ ሰፊዋ ከድጃ ገብተው እንዲህ ሲያዩኝ፣ ማሻአላህ፣ ሰሚራ አላህን ማውሳት፣ ዚክሯን አታቋርጥም ይላሉ። እናትህም አላህ ይቀበልሽ ይሉኛል። እኔም ዐይኔን በጨው ታጥቤ አሚን እላለሁ።

እስከዚህ ድረስ ያለውን ነገሬ ሳትል ታልፍልኝ ነበር። አውቅሃለሁ፣ እንዲያውም ትስቅ ነበር። ከዚህ በኋላ ያለውን ነው ፊትህ ቆሜ የማልነግርህ።

ቅዳሜ ነበር። እናትህ ከሁለቱ ጎረቤቶች ጋር ለቅሶ ሄደዋል፤ ሂባ ጓሮ ዕቃ ታጥባለች። ቶሎ አይመለሱም ብዬ ተቀመጥኩ። እንዴት እንደሆነ አላውቅም፣ ያ ቀጫጫው አገባ። ለካ እኔም እንደ አንተ እጮሃለሁ! «ጎ... ል!» ያልኩት ድምፄ ገና ቤቱ ውስጥ ሳለ በሩ ሲጥ አለ። ስፒናውን ነቀልኩ። ጆይስቲኩን ግን መሸፈኛ ጊዜ አላገኘሁም፣ ፍራሹ መሃል ተጋድሞ ቀረ። እናትህ ገቡ፣ ዘሃራና ከድጃ ከኋላቸው። ጆይስቲኩን አዩ። በዚያች ቅጽበት ሂባ ጩኸቱን ሰምታ እጇ እንደረጠበ ከጓሮ ብቅ አለች።

የእናትህ ዐይን ወደ እሷ ሄደ። እኔ ምን እንዳልኩ ልንገርህ? «ልጅ ናት እኮ» አልኩ። ይህችን ብቻ። እሷ ናት አላልኩም፣ እኔ ነኝም አላልኩም። ልጅ ናት እኮ ብዬ ሙስበሃዬን አጠበቅኩ።

እናትህ ቁጡ አይደሉም፣ ያን ቀን ግን የልጃቸው ነገር ነው። የአባትሽ አፈር ሳይደርቅ፣ እናትሽ ዒዳ ላይ ተቀምጣ፣ ሰው ለቅሶ ውሎ ሲመጣ ጎል ብለሽ ትጮሂያለሽ ወይ ብለው ተቆጧት፤ ሲናደዱ ደግሞ ኦሮምኛው ነው የሚወጣቸው፣ በሱም ደገሙላት። ሂባ ጆይስቲኩን አየች። እኔን አየችኝ። እኔ መሬት መሬት አየሁ። ከዚያ ጎንበስ ብላ «አውፍ በሉኝ አኮ» አለቻቸው። አያቷን ይቅርታ ጠየቀች፣ ባልሠራችው። ዘሃራ ከንፈሯን መጠጠች። የዛሬ ልጆች አለች።

ወሬው ሰኞ ቁርአን ቤት ደረሰ። ልጆቹ ለአባቷ ያላዘነች እያሏት መጣች። እራት ሳቀርብላት ትልቁን ሥጋ ወደ እሷ ገፋሁላት። የእናት ካሳ ማለት ይኸው ነው! አንዴ ለእናትህ ልንገራቸው ብዬ አጠገባቸው ተቀምጬ የቡ ስላለው ቡናቸው አበባ ጠይቄያቸው ተነሳሁ።

ሂባ ግን ከመጀመሪያውም ታውቅ ነበር። ስፒናው ተነቅሎ የጠፋ ጌም እንደገና ሲከፈት በትክክል አልተዘጋሁም ብሎ ይጽፋል ለካ። ማሽኑ ራሱ አሳብቆብኛል። ጸጉሯን ስጎነጉንላት፣ ፊቷ ወደ ግድግዳው እንደዞረ፣ እንደ ቀልድ ነገረችኝ። ከግድግዳው የሚነቅል ሰው አንድ ቀን ያስቀመጥኩትን ሁሉ ያጠፋብኛል ትላት ነበር አሉ። ጆይስቲኩ ላይ በቀኝ በኩል ወደ ላይ ትንሽ ቁልፍ አለች፤ እሷ ስትጫን ሁሉም ባለበት ይቆማል፤ ስትመለሺ ከሚወጣው ዝርዝር ቀጥል የሚለውን መምረጥ ነው፤ ለረጅም ጊዜ ከሆነ ደግሞ መሃል ላይ ያለውን ክብ ቁልፍ ይዘሽ ታስተኚዋለሽ፣ ብርቱካናማ መብራት ይበራል፣ እሱ እየበራ ስፒና አይነካም። ይህን ሁሉ አንቺ ትጫወቻለሽ ሳትለኝ ነገረችኝ። በማግስቱ ጆይስቲኩን ሳነሳ ያችን ትንሽ ቁልፍ በጥፍር ቀለም ቀይ ቀብታልኛለች። እንዳይጠፋብኝ።

መሬት ተሰንጥቃ ብትውጠኝ ምን ነበረ? ያን ቀን ጆይስቲኩን መልሼ ማስቀመጥ ነበረብኝ፣ ወይ እናትህን መጥራት ነበረብኝ። አላደረግኩም። ተጫወትኩ። ቁልፏን ሞከርኳት፣ ሠራች፣ ደስ አለኝ። እንዲህ ያለች ሴት ነው ያገባኸው።

በቀጣዩ ሳምንት ማክሰኞ ዕለት እናትህ ገበያ ብለው ወጡ፤ ሰማዩ ጠቆረና ጃንጥላ ሊወስዱ ከመንገድ ተመለሱ። በሩ ሲጥ አለ። እጄ እንደለመደው ወደ ስፒናው ሄደ። ሂባ ያለችኝ ትዝ አለኝ፤ አንተ ያስቀመጥከው ሁሉ ይጠፋል ያለችው። እጄን መለስኩና ቀይዋን ተጫንኩ። ነቅዬው ቢሆን ኖሮ አይይዙኝም ነበር። ጨዋታው ግን ባለበት ቆሞ ቲቪውን ሞልቶታል፣ ያ ጺማሙ በረኛ አየር ላይ ተንጠልጥሎ። እኔ ከስሩ፣ ጆይስቲክ በእጄ።

እናትህ ቲቪውን አዩ፣ እጄን አዩ። ከዚያ ግድግዳው ላይ የሂባን ዩኒፎርም የምንሰቅልበትን ሚስማር አዩ። ባዶ ነው። «ሂባ ትምህርት ቤት ናት» አሉ፣ ቀስ ብለው፣ ለራሳቸው። ይቆጡኛል ብዬ ጠበቅኩ፤ ምነው በተቆጡኝ! ጃንጥላቸውን አንስተው ወጡ።

ወደ የቡ ሄዱ ብዬ ተከትያቸው ሮጥኩ። የግቢው በር ላይ ስደርስ ቆምኩ። ዒዳ ላይ ነኝ፣ አልወጣም። እማዬ እያልኩ ብጣራ አልዞሩም። ዝናቡ ወረደ፤ እኔ በሩን ይዤ ቆሜ ቀረሁ።

የሄዱት ትምህርት ቤት ነው። ሂባ ናት የነገረችኝ። በሩ ላይ ከወላጆቹና ከባጃጆቹ መሃል ቆመው ጠበቋት። ስትወጣ፣ ሰው ሁሉ እያየ፣ ጎንበስ ብለው ጉልበቷን ስመው፣ «ኢንተላ ኮ፣ ልጄ፣ በደልኩሽ፣ አውፍ በይኝ» አሏት። አኮ ተነሱ እያለች አለቀሰች፤ አልነሳም አሉ፣ አውፍ ብያለሁ እስክትላቸው። የተራው ልጆች አይተዋል። እናትህ ጀማል፣ በዚያ ዕድሜያቸው፣ በዝናብ፣ የእኔን ጥፋት ተሸክመው ለአንዲት ልጅ ጎነበሱ። ጥፋተኛዋ ከግቢዋ አልወጣችም።

እጅ ለእጅ ተያይዘው፣ ጃንጥላው እንደታጠፈ፣ ከላይ እስከ ታች ርሰው ገቡ። እናትህ ሻርፓቸውን እየጨመቁ፣ የእኔን ጠይቄያለሁ፣ ያንቺን አንቺ ታውቂያለሽ አሉኝና ሊሰግዱ ገቡ። እኔ ሂባ ፊት ተንበረከክሁ። እሷ ግን ከትከሻዬ በላይ ቲቪውን አይታ ፊቷ በራ፤ «እማ! አልነቀልሽውም!» አለችኝ። በዚያ ሁሉ መሃል እኔን አመሰገነችኝ። ከእናትህ ዝምታ ይልቅ የእሷ ደስታ አቃጠለኝ። አንገቷ ስር ገብቼ አውፍ በይኝ ያልኩትን ሰምታ ይሁን አይሁን እስካሁን አላውቅም።

ከዒዳ የምወጣው ሐሙስ ነው። ሴቶቹ ልብስ አዘጋጅተውልኛል፣ ዘሃራም ከድጃም ይመጣሉ፣ ቤቱ ይሞላል። የሰው ዐይን ምን እንደሆነ አንተ አታውቅም ነበር፣ ግድም አልነበረህም። እኔ ግን ከልጅነቴ ጀምሮ የምፈራው እሱን ነው፤ ለእሱ ብዬ ነው ልጅህን የሸጥኩት። ያን ዕለት ሁሉም ባሉበት፣ ሂባን አጠገቤ አቁሜ፣ ጎል ያልኩት እኔ ነኝ እላቸዋለሁ። የሙስበሃውንም ነገር እነግራቸዋለሁ። ከዚያ ቁርአን ቤት ድረስ እጇን ይዤ እሄድና ለልጆቹም እነግራቸዋለሁ። ጌም ስትጫወት ነበር ይበሉኝ፣ ለባሏ አላዘነችም ይበሉኝ። ማዘኔን አንተ ታውቃለህ።

አልረሳህም ማለት ለማንም ይቀላል፤ ለሐዘን ነጭ የለበሰ ሁሉ ይለዋል። እኔ የምልህ ሌላ ነው። ልጅህ ፊት አንገቴን ሳልደፋ መቆም የቻልኩ ቀን አስታወስኩህ ማለት ነው፤ እስከዚያ ድረስ ማልቀሴን አትቁጠርልኝ። ሐሙስ ጠዋት በሩን እከፍታለሁ። እፈራለሁ ጀማሌ፣ ወላሂ እፈራለሁ። ግን እናገራለሁ።

ሰሚራ