ለትጓደድ የነገርኳት

ሐሙስ፣ ሰኔ 14 ቀን 1965 ዓ.ም.፣ መካነ ሰላም

ወንድሜ አስናቀ ከአዲስ አበባ መጥቶ ሁለት ቀን ሰነበተ። የቴሌቪዥን ዜና ኃላፊ ነው፤ ልብ ወለድም ይጽፋል። ከአቀስታ በረሃብ ተሰዳ ደጄ የተጠለለችውን ትጓደድን አቀረብኩለት። የቀበረቻቸውን ልጆች ስም ሳይቀር ጻፈ። እኔም በዚህ አፌ፣ «አብሽሪ፣ በዜና ሲነገር እህል ይመጣል» አልኳት።

ዛሬ ሊሄድ ሲል፣ «መቼ ነው የሚነገረው?» አልኩት።

«እቴ፣ ረሃብ የሚል ዜና ከላይ አያሳልፉልኝም። ልብ ወለድ አደርገዋለሁ።»

«አንተ ሰው፣ መጽሐፍህ እስኪታተም እሷ ትቆያለች?»

ጎንበስ ብሎ ጫማውን አሰረ።

ሸኝቼው ስመለስ ትጓደድ ካጥሩ ስር ብድግ አለች። «እህሉ በየት በኩል ነው የሚመጣ፣ እመዬ? በደሴ ነው?»

«አዎ፣ በደሴ» አልኳት። ምን ልበላት?

ፊቷን ወደ ደሴ መንገድ አዙራ ተቀመጠች።