እርቅ ሰጥተው ፍርድ ያጡት የአቶ ዋሴ ተገኝ የሕይወት ታሪክ

ትንሿ ልጃችን ኢናቭ፣ «አባዬን የመታው ሰውዬ ለምን ወደ ቤቱ ሄደ?» ብላ ስትጠይቀኝ «ሌላ ቀን እነግርሻለሁ» አልኳት። ዛሬ በቀብር ላይ የሚነበበውን የአባቷን የሕይወት ታሪክ ስጽፍ መልሱንም አብሬ እጽፋለሁ።

አቶ ዋሴ ተገኝ ከአባታቸው ከአቶ ተገኝ አየለና ከእናታቸው ከወይዘሮ ጥሩዬ መኰንን እ.ኤ.አ. በ1961 በጎንደር፣ አምቦበር ተወለዱ። አባታቸው ቀጥቃጭ ነበሩና የብረት ሥራን ከልጅነታቸው ተማሩ። እስከ ስድስተኛ ክፍልም ተምረዋል። በ1984 በሱዳን በኩል በእግራቸው ወጡ፤ ታናሽ ወንድማቸውን መንገድ ላይ ቀብረው እስራኤል ገቡ። ኡልፓን ከሚባለው የቋንቋ ትምህርት ቤት ገብተው ዕብራይስጥ ከተማሩ በኋላ አሽዶድ ውስጥ በአንድ የብረት ፋብሪካ በብየዳ ሥራ ተቀጠሩ። በ1995 ከእኔ ከማልካ ጋር ተጋብተው ሺራንን፣ ዖርንና ኢናቭን ወለዱ።

በ2019 ሮቫ ዩድ ቤት በሚባለው የአሽዶድ ሰፈር ካለው ሕንጻችን ሥር በመኪና ማቆሚያ ቦታ ጠብ ተነሣ። የጎረቤታችን የአባ ለገሰ ልጅ ዮታም የአቶ ዋሴን ቀኝ ትከሻ በብረት ቧንቧ ሰበረው። ፖሊስ ያዘው፤ ክስም ተመሠረተበት። ያ እጃቸው ከዚያ ወዲህ የብየዳ መሣሪያ አልያዘም፤ ከሥራቸውም ወጡ።

ፍርዱ ሳይደርስ ሽማግሌዎች ቤታችን መጡ። በአገራችን ወግ ድንጋይ ተሸክሞ የሚመጣው በዳዩ ነው። ተሸክመው የመጡት ግን አባ ለገሰ ነበሩ፤ በዚያ ዕድሜያቸው ደጃችን ላይ አጎነበሱ። ዮታም መኪናው ውስጥ ተቀምጦ ስልኩን ይነካካ ነበር። «ልጁስ?» ብዬ ብጠይቅ፣ አንዱ ሽማግሌ «አንቺ ደግሞ! አባቱ መጥቶልሽ» አሉኝ። አቶ ዋሴ ሽማግሌ ጎንብሶ ማየት አልቻሉም። በግራ እጃቸው ድንጋዩን አወረዱና «ተነሡ አባ፣ አንቱ ምን አደረጉኝ?» አሉ።

ከዚያ የዮታም ጠበቃ ያመጣውን የእርቅ ወረቀት ፈረሙ። እርቁ የሁለቱ ቤት ነው፣ ፍርዱ የመንግሥት ነው ብለው አምነው ነበር። ፍርድ ቤት ስንቀርብ ግን ጠበቃው «ተጎጂው ይቅር ብሏል» አለ፤ ዐቃቤ ሕጉ ክሱን አነሣ፤ ዳኛዋም መዝገቡን ዘጋች። አቶ ዋሴ ቆመው «እኔ ይቅር ያልኩት አባቱን ነው» አሉ። ዳኛዋ የሚቀጥለውን ባለጉዳይ ጠርታ ነበር።

ሽማግሌዎች፣ ብዙዎቻችሁ ዛሬ እዚህ ናችሁ። እርቅን አልጠላም። እናንተ ግን አፉን ከፍቶ «በድያለሁ» ያላለን ሰው ይቅር አስባላችሁ። ዳኛዋ ወጋችንን አታውቅም፤ እናንተ ታውቃላችሁ፤ አውቃችሁም ዝም አላችሁ። ኢናቭ ልጄ፣ ሰውዬው ወደ ቤቱ የሄደው አባትሽ ሽማግሌ አክባሪ ስለ ነበሩ ነው። ሽማግሌዎቹ ያንን አክብሮታቸውን ለበዳዩ መሸሸጊያ አደረጉት።

አቶ ዋሴ በ2022 የጉበት ሕመም ያዛቸው። ሐኪሞቹ ሕመሙ ከምቱ ጋር አይገናኝም ብለዋል፤ ንዴቴ ውሸት አያጽፈኝም። በሕክምና ሲረዱ ቆይተው በመጋቢት 2024 በተወለዱ በ63 ዓመታቸው ዐረፉ። ባለቤታቸውን፣ ሦስት ልጆቻቸውንና ሮቫ ቴት የምትኖረውን እህታቸውን ናዖሚን ትተዋል።

የአብርሃም አምላክ ነፍሳቸውን በምሕረቱ ይቀበል፤ በምድር የተነፈጋቸውን ፍርድ እርሱ ይስጣቸው።

ዮታም ክሱ በተዘጋ በዓመቱ ከአሽዶድ ሄዷል። አባ ለገሰ አልሄዱም፤ ከመቃብሩ ዳር ቆመዋል።